ከልቦለድ ጥናት ተነሥቶ ወደ ልቦለድ ጥናት፦ ስለ ሄርበርት ማርኩዘ ሐሳብና ውርስ

ሄርበርት ማርኩዘ በእኛ አገር የሥነ ጽሑፍ ተማሪ ዘንድ ስሙ እምብዛም አይነሣም። ቢነሣም የሚነሣው በሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ ኮርስ ውስጥ፣ ከሆርክሃይመርና ከአዶርኖ ቀጥሎ፣ እ.ኤ.አ. በ1968 አውሮፓንና አሜሪካን ያናወጠው የተማሪዎች ንቅናቄ «አባት» ተብሎ በአንድ ዓረፍተ ነገር ነው። ስያሜውን እሱ ራሱ አልወደደውም፤ ተማሪዎቹ አባት እንደማያስፈልጋቸው በተደጋጋሚ ተናግሯል። የዚህ ጽሑፍ መነሻ ሌላ ነው። ማርኩዘ የምሁርነት ሕይወቱን የጀመረው በልቦለድ ጥናት ነው፤ የፈጸመውም ስለ ኪነ ጥበብ በጻፈው አንድ ቀጭን መጽሐፍ ነው። በመካከሉ ያለው ፖለቲካ ከእነዚህ ሁለት ጫፎች ተነጥሎ ሲነበብ ይጣመማል ብዬ አምናለሁ። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት፣ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ወደዚህ ጉዳይ የመራኝ የፈተና ወረቀት ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ስለ አንድ የአማርኛ ልቦለድ ላወጣሁት ጥያቄ አንዲት ጎበዝ ተማሪ በሰጠችው መልስ፣ የመጽሐፉ የፍቅር ምዕራፎች ትርፍ መሆናቸውን፣ ደራሲው ለማን እንደወገነ ስለማያሳዩም ቢቀሩ ይሻል እንደነበር ጽፋ ነበር። በቀይ ብዕር ልሰርዘው ስል እጄ ቆመ። ዓረፍተ ነገሩ የእሷ ብቻ አልነበረም። እኔ ተማሪ ሳለሁ፣ በ1990ዎቹ ዓ.ም.፣ በስቴንስል ተባዝቶ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ የኖረ ማስታወሻ ነበረን። ይዘት ይቀድማል፣ ቅርጽ ይከተላል፤ ደራሲ የመደቡ አፍ ነው፤ ሥራው የሚመዘነው ለትግሉ ባበረከተው ድርሻ ነው የሚል። ማስታወሻው የተጻፈው በሶሻሊስታዊ ዕውናዊነት ዘመን ነው፤ ሥርዓቱ በ1983 ዓ.ም. ወድቆ ማስታወሻው ግን አልወደቀም። እኔም መምህር ሆኜ የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ያስተማርሁት በዚያው ነው። ተማሪዋ የጻፈችው እንግዲህ የእኔኑ ትምህርት ነበር። ማርኩዘን አጥብቄ ማንበብ የጀመርሁት ከዚያ ወዲህ ነው፤ ምክንያቱም ይህን አስተሳሰብ ከውጭ ሆኖ ሳይሆን ከማርክሳዊነት ውስጥ ሆኖ የተከራከረው ሰው እሱ ነው።

ማርኩዘ የተወለደው ሐምሌ 19 ቀን 1898 በርሊን ውስጥ ከአንድ ባለጸጋ አይሁዳዊ ቤተሰብ ነው። በ1916 ለጦርነቱ ተመለመለ፤ ነገር ግን ግንባር አልሄደም፤ እዚያው በርሊን የጦሩን ፈረሶች ሲጠብቅ ቆየ። በ1918 መገባደጃ የጀርመን አብዮት ሲፈነዳ በበርሊን ራይኒከንዶርፍ ሰፈር የወታደሮች ምክር ቤት አባል ሆነ። በጥር 1919 ሮዛ ሉክሰምቡርግና ካርል ሊብክኔኽት ሲገደሉ፣ ለግድያው ተጠያቂ ያደረገውን የሶሻል ዴሞክራት ፓርቲ ለቅቆ ወጣ። ከዚያ በኋላ የየትኛውም ፓርቲ አባል ሳይሆን ስድሳ ዓመት ኖረ። ይህ ዝርዝር የሚናቅ አይደለም፤ የከሸፈ አብዮትን በሃያ ዓመት ዕድሜው ያየ ሰው ነበር።

ወጣቱ ከዚህ ክሽፈት ወዴት ሄደ ቢባል፣ ወደ ሥነ ጽሑፍ ነው። በፍራይቡርግ ዩኒቨርሲቲ ተመዝግቦ በ1922 የዶክትሬት ጥናቱን አቀረበ፤ ርእሱም «የጀርመን የአርቲስት ልቦለድ» ይላል። የአርቲስት ልቦለድ ማለት ዋና ገጸ ባሕሪው ባለቅኔ፣ ሠዓሊ ወይም ሙዚቀኛ የሆነበት ልቦለድ ነው። ማርኩዘ ከጎተ ዘመን ተነሥቶ እስከ ቶማስ ማን ድረስ ይህን ዓይነት ልቦለድ ሲመረምር በሄገልና በሉካች አንድ ሐሳብ ላይ ይቆማል፦ አርቲስቱ በልቦለድ ውስጥ ራሱን የቻለ ገጸ ባሕሪ ሆኖ ብቅ የሚለው ኑሮና ኪነ ጥበብ ከተለያዩ በኋላ ነው። ሁለቱ አንድ በነበሩበት ዓለም ባለቅኔው የማኅበረሰቡ ድምፅ እንጂ ብቸኛ ሰው አይደለም። አርቲስት ብቻውን ቆሞ ሲታይ ዓለም አንድ ነገር እንደጎደለበት ምልክት ነው። የኋለኛው ማርኩዘ እዚህ ውስጥ እንደ ዘር አለ፤ ያለው ነገር ሁሉ ያለው ነገር ብቻ እንዳይሆን የሚከለክል አንድ ኃይል ይኖራል፣ ያም ኃይል በኪነ ጥበብ ውስጥ ተጠልሏል የሚለው እምነቱ። ይህ የመጀመሪያ ጥናቱ በመጽሐፍ መልክ የታተመው በ1978፣ ከመጨረሻው መጽሐፉ ጋር በአንድ ሰሞን ነበር ለማለት ይቻላል። አንባቢ ሁለቱን ጫፎች በአንድነት ለማየት ያን ያህል መጠበቅ ነበረበት።

ከዶክትሬቱ በኋላ በርሊን ውስጥ በመጽሐፍ ንግድ ሲሠራ ቆይቶ በ1925 የሺለርን ሥራዎች መዘርዝር አሳተመ። በ1928 ወደ ፍራይቡርግ ተመልሶ ከማርቲን ሃይድገር ዘንድ መማር ጀመረ። ስለ ሃይድገር ብዙ አልሄድም። መምህሩ በ1933 የናዚ ፓርቲ አባል ሆነ፤ ደቀ መዝሙሩ ደግሞ አገር ለቅቆ ወጣ። ከጦርነቱ በኋላ በ1947 ማርኩዘ ሃይድገርን ሄዶ ካነጋገረው በኋላ በደብዳቤ አንድ ነገር ለመነው፤ በይፋ አንድ የንስሐ ቃል እንዲናገር። የመጣው መልስ በአይሁዶች ላይ የተፈጸመውን በምሥራቅ ጀርመኖች ላይ ከደረሰው ጋር ያስተካከለ ነበር። በ1948 ማርኩዘ ከእንዲህ ዓይነት ንግግር ጋር መነጋገር እንደማይቻል ጽፎ መለሰ። መምህርን መውደድና መምህርን መጠየቅ እንዴት አብረው እንደሚኖሩ ለማየት የሚሻ ተማሪ እነዚህን ጥቂት ገጾች ቢያነብ አይጎዳም።

በ1933 ማርኩዘ በማክስ ሆርክሃይመር ይመራ የነበረውን፣ በፍራንክፈርት ተመሥርቶ በስደት ላይ የነበረውን የማኅበራዊ ምርምር ተቋም ተቀላቀለ፤ መጀመሪያ በጄኔቭ፣ ከ1934 ጀምሮ በኒውዮርክ ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ። «ሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ» የሚለው ስም የጸናው ሆርክሃይመር በ1937 ባሳተመው መጣጥፍ ነው። ልማዳዊው ንድፈ ሐሳብ ዓለምን ከውጭ ቆሞ እንዳለ ይገልጻል፤ ሂሳዊው ግን ራሱም የሚገልጸው ዓለም ክፍል መሆኑን ያውቃል፣ ያለውን የሚመዝነውም ሊሆን ከሚችለው አንጻር ነው። በዚያው ዓመት ማርኩዘ ለእኛ ሙያ ይበልጥ የሚቀርብ መጣጥፍ አወጣ። ርእሱን ወደ አማርኛ ስመልስ «አሜን ባይ ባህል» ብዬዋለሁ። ከበርቴው ዘመን ውበትን፣ ነፍስን፣ ደስታን ከዕለት ኑሮ ለይቶ በላይኛው ክፍል ያስቀምጣል፤ በታች ያለው ችጋር እንዳለ ይቀጥላል፤ ሰው ማታ ግጥም አንብቦ ተጽናንቶ ጧት ወደ ቀንበሩ ይመለሳል። እስከዚህ ድረስ ማንኛውም ማርክሳዊ ሃያሲ ይለዋል። ማርኩዘ ግን አንድ እርምጃ ይጨምራል። ያ በላይኛው ክፍል የተቀመጠው ደስታ ውሸት ቢሆንም ተስፋው ውሸት አይደለም፤ ሰው ያልተሰጠውን ነገር እንዳይረሳ ያደርገዋል። ስለዚህ ባህሉ አሜን ባይም ነው፣ እምቢ ባይም ነው። የእኛ ማስታወሻ የጎደለው ይህ ሁለተኛው ቃል ነበር።

በጦርነቱ ዘመን ማርኩዘ ከ1943 ጀምሮ ለአሜሪካ መንግሥት የመረጃ ቢሮ (ኦ.ኤስ.ኤስ.) ስለ ናዚ ጀርመን የትንተና ሪፖርት ይጽፍ ነበር። አብዮተኛ ፈላስፋ የመንግሥት ሠራተኛ መሆኑ ኋላ ብዙ አስወቅሶታል፤ እሱ ግን ፋሺዝምን በመዋጋቱ እንደማያፍር ይመልስ ነበር። የሚገርመኝ በ1945 መስከረም፣ ጦርነቱ እንዳበቃ፣ የጻፈው ነገር ነው። በሕይወት ሳለ ያላሳተመው ይህ ጽሑፍ ስለ ፈረንሳዩ ባለቅኔ ስለ ሉዊ አራጎን የሚናገር ነው። ጥያቄው ይህ ነው፦ ጀርመኖች ፈረንሳይን በያዙበት ጊዜ እንደ አራጎንና ኤሉዋር ያሉ የአርበኝነት ባለቅኔዎች፣ የትናንት አማፅያን፣ ለምን ወደ ፍቅር ግጥምና ወደ ጥንታዊው የቤት አመታት ተመለሱ? ማርኩዘ እንደሚለው ሁሉን ጠቅላይ ሥርዓት ፖለቲካዊውን ቃል ሁሉ ወርሶታል፤ የተቃዋሚውን መፈክር እንኳ ሊገለብጠው ይችላል። ሊወርሰው የማይችለው ፖለቲካ ያልሆነውን ነው። የሁለት ሰዎች ፍቅር በግጥም ቅርጽ ሲነገር፣ ሥርዓቱ የነፈገው ነጻነት ምን እንደሚመስል ያሳያል። ተማሪዬ ትርፍ ያለችው የፍቅር ምዕራፍ ትዝ ያለኝ እዚህ ላይ ነው።

በ1955 የታተመውን «ኤሮስና ሥልጣኔ» በአጭሩ ላልፈው እገደዳለሁ። ፍሮይድ ሥልጣኔ ያለ አፈና አይቆምም ብሏል፤ ማርኩዘ ግን አፈናን ለሁለት ይከፍላል፦ ሰው ሆኖ ለመኖር ግድ የሚል አፈና፣ እና ገዥዎች ለመግዛት የሚጨምሩት «ትርፍ አፈና»። የሥራና የውጤት ጀግና በሆነው በፕሮሜቴዎስ ፈንታ ዘማሪውን ኦርፌዎስንና ናርሲስን አርአያ ያደርጋል። በወጣትነቱ መዘርዝሩን ያዘጋጀለት ሺለርም ስለ ጨዋታና ውበት ባለው ትምህርቱ እዚህ ተመልሶ ይመጣል።

ዝናው የመጣው በ1964 በወጣው መጽሐፍ ነው። ርእሱን «ባለ አንድ ፈርጅ ሰው» ብዬ ተርጉሜዋለሁ። «ባለ አንድ ገጽታ» የሚሉም አሉ፤ ገጽታ ግን የላዩን ብቻ ስለሚያሳይ አልተመቸኝም። በአማርኛ «ፈርጀ ብዙ» የሚል የሙገሳ ቃል አለን፤ በየስብሰባው የሚባል። «ፈርጀ አንድ» ግን ማንም አይልም፤ ማርኩዘ የጻፈው ስለዚህ ስም ስለሌለው ነገር ነው። የበለጸገው የኢንዱስትሪ ኅብረተሰብ ተቃውሞን በዱላ ብቻ አይገዛም፤ ያጠግበዋል። ሠራተኛውና አሠሪው አንድ ዓይነት ቴሌቪዥን ያያሉ፤ ሰው ራሱን በመኪናውና በወጥ ቤት ዕቃው ውስጥ ያገኛል፤ እውነተኛው ፍላጎትና ከውጭ የተተከለው ፍላጎት ይደበላለቃሉ። እንዲህ ባለ ኅብረተሰብ ሐሳብ ሁለተኛ ፈርጁን፣ ማለት «ይህ እንዲህ ባይሆንስ?» የሚለውን፣ ያጣል። የሶቭየት ኅብረትም በራሷ መንገድ ወደዚያው እንደምትሄድ ያሳያል፤ በ1958 ስለ ሶቭየት ማርክሲዝም ለብቻው መጽሐፍ ጽፎ ነበርና።

ለቋንቋና ለሥነ ጽሑፍ ሰው ከሁሉ የሚበልጠው ስለ ንግግር መዘጋት የጻፈው ምዕራፍ ነው። የፖለቲካና የማስታወቂያ ቋንቋ እያጠረ፣ ስምና ቅጽል እየተጣበቁ፣ ዓረፍተ ነገር ክርክር መሆኑ ቀርቶ ትእዛዝ ይሆናል ይላል። ምሕጻረ ቃላትን ምሳሌ ያደርጋል። ኔቶ ስንል ስሙ ሲዘረዘር የሚለውን፣ የሰሜን አትላንቲክ ቃል ኪዳን የሚለውን፣ አንሰማም፤ ብንሰማ ኖሮ ግሪክና ቱርክ በዚያ ምን ያደርጋሉ ብለን እንጠይቅ ነበር። ይህን ክፍል ሳስተምር ሩቅ መሄድ አያስፈልገኝም። «ኢሠፓ» የሚለውን ቃል በሰሌዳ ላይ እጽፍና ዘርዝሩት እላለሁ። የኢትዮጵያ ሠራተኞች ፓርቲ። ፓርቲው በ1977 ዓ.ም. ሲመሠረት ከሕዝቡ እጅግ የሚበዛው ገበሬ እንደነበር የሚያውቅ ተማሪ ጥያቄውን ራሱ ያነሣል። ሲያጥር ግን ጥያቄው አብሮ ያጥራል።

በዚሁ መጽሐፍ ሥነ ጽሑፍም ትጥቋን እንዴት እንደፈታች ይናገራል። የቀድሞው ልቦለድ አመንዝራዋን፣ ወንበዴውን፣ እብዱን ባለቅኔ ከሥርዓቱ ውጭ አቁሞ ሌላ ዓለም እንዳለ ያስታውስ ነበር። አሁን እነዚሁ ገጸ ባሕርያት በፊልሙ ውስጥ የሥርዓቱ ጌጥ ሆነዋል። የተከለከለው ተፈቅዷል፤ በመፈቀዱም ኃይሉን አጥቷል። ክላሲኩ መጽሐፍ ርካሽ ሆኖ በየመድኃኒት መደብሩ መሸጡ መልካም ነው፤ ነገር ግን ሲጻፍ የነበረው ተቃውሞ አብሮ አልተሸጠም። ማርኩዘ እዚህ ላይ የጌቶች ባህል ናፋቂ ይመስላል የሚሉ ሰዎች ሙሉ በሙሉ አልተሳሳቱም።

አንዳንድ ባልደረቦቼ የእሱን «ሁለት ፈርጅ» ከእኛ ሰምና ወርቅ ጋር ለማገናኘት ይቸኩላሉ። እኔንም አምሮኝ ያውቃል። ግን ሰምና ወርቅ የአነጋገር ስልት ነው፤ ለንጉሥ ምስጋናም ለስድብም እኩል ያገለግላል። የማርኩዘ ሁለተኛ ፈርጅ በቃሉ ውስጥ የተደበቀ ትርጉም ሳይሆን ቃሉ በጠቅላላ በዓለሙ ላይ የሚወስደው አቋም ነው። ዝምድናው ሊጠና ይገባዋል፤ መጠናት ግን ከማመሳሰል ይለያል።

በ1965 ብራንዳይስ ዩኒቨርሲቲን ለቅቆ ወደ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሳንዲዬጎ ሄደ። ከተማሪዎቹ አንዷ አንጄላ ዴቪስ ነበረች። በ1968 የግድያ ዛቻ ደርሶት ከቤቱ ለመውጣት ተገደደ፤ የአካባቢው የቀድሞ ወታደሮች ማኅበር የሥራ ውሉን በ20,000 ዶላር ገዝቶ ሊያሰናብተው ሐሳብ አቀረበ፤ የግዛቱ ገዥ ሮናልድ ሬገንም ተቃወሙት። የሰባ ዓመት ሽማግሌ ነበር።

ከዚህ ዘመን የማልቀበለው ሥራ በ1965 የወጣው «አፋኝ መቻቻል» የተሰኘው መጣጥፍ ነው። ኃይለኛውና ደካማው እኩል ባልሆኑበት፣ ሁሉን ሐሳብ እኩል መቻል የኃይለኛውን ወገን መርዳት ነው ይላል፤ ይህ እውነትነት አለው። ከዚያ ግን የጦርነትን፣ የዘርና የሃይማኖት መድልዎን ቅስቀሳ ለሚያካሂዱ ወገኖች የመናገርና የመሰብሰብ መብት ሊነፈግ ይገባል ወደሚለው ይሻገራል። ማን ይፍረድ? ሲባል መልሱ በአእምሮው የበሰለና ነጻ የሆነ ሰው ሁሉ የሚል ዓይነት ነው። ግን በመጽሐፉ ሁሉ እንዲህ ያለ ሰው እየጠፋ መሆኑን ሲያስረዳ የቆየው እሱ ራሱ አይደለምን? በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በዚህ አገር ከተሞች እያንዳንዱ ወገን ታሪክ እኔን ፈራጅ አድርጋኛለች ብሎ ሲያምን ምን እንደሆነ ከወላጆቻችን የሰማን ሰዎች ይህን ክፍል በቀላል ልብ ልናነበው አንችልም። ዛሬ በአሜሪካ ቀኝ ክንፍ ጸሐፊዎች ማርኩዘን የክፋት ሁሉ ምንጭ የሚያደርጉት በዚሁ መጣጥፍ ነው። ማጋነን ነው፤ ድንጋዩን ያቀበላቸው ግን እሱ ነው።

ከአዶርኖ ጋር የነበረው የ1969 የደብዳቤ ክርክር የበለጠ ያሳዝናል። በጥር መጨረሻ ተማሪዎች የፍራንክፈርቱን ተቋም ሲይዙ አዶርኖና ባልደረቦቹ ፖሊስ ጠሩ። ማርኩዘ በሚያዝያ በጻፈው ደብዳቤ፣ ከፖሊስና ከግራ ተማሪዎች አንዱን ምረጥ ከተባለ፣ ሕይወት አደጋ ላይ ካልወደቀ በቀር፣ ከተማሪዎቹ ጋር እንደሚቆም አሳወቀው። አዶርኖ ተማሪዎቹ ውስጥ የፋሺዝም ጥላ ታየው። ሊገናኙና በአካል ሊነጋገሩ አስበው ሳለ ነሐሴ 6 ቀን አዶርኖ ስዊዘርላንድ ውስጥ በልብ ሕመም ሞተ። ነገሩ ሳይቋጭ ቀረ።

በዚያው 1969 ማርኩዘ «ስለ ነጻነት» በተሰኘው ድርሰቱ ኪነ ጥበብ ከመጽሐፍና ከሸራ ወጥቶ ኑሮ ራሱ የሚሆንበትን ቀን ተስፋ አድርጎ ነበር። ንቅናቄው ከበረደ በኋላ፣ በ1972፣ ይህን ተስፋ መልሶ አጠበበው። በ1977 ደግሞ በጀርመንኛ «የኪነ ጥበብ ቋሚነት»፣ በዓመቱም በእንግሊዝኛ «ውበታዊው ፈርጅ» በሚል ርእስ የወጣውን፣ ከመቶ ገጽ የማይበልጠውን መጽሐፍ ጻፈ። በግልጽ የሚሟገተው ከማርክሳዊው የሥነ ውበት ልማድ ጋር ነው። ልማዱ ኪነ ጥበብ የመደብ ነጸብራቅ ነው፣ ወደ ላይ የሚወጣው መደብ ጥበብ ብቻ እውነተኛ ነው፣ ይዘትና ቅርጽ አንድ ናቸው ቢባልም ይዘት ይገዛል ይላል። ማርኩዘ እያንዳንዱን ያፈርሳል። ፍቅር፣ ሞት፣ ብቸኝነት የከበርቴ ቅንጦት አይደሉም፤ አብዮት ቢመጣም አብረው ይመጣሉ። የሰውን ውስጣዊ ሕይወት የናቀ ንድፈ ሐሳብ፣ ሰው ለምን ሊለወጥ እንደሚሻ ሊያውቅ አይችልም። ድርሰት አብዮታዊ የሚሆነው ለሠራተኛው ስለተጻፈ ወይም ስለ አብዮት ስለሚናገር ሳይሆን፣ ያለውን ዓለም በራሱ ሕግ አስተካክሎ በሌላ ብርሃን ስለሚያሳይ ነው። ቅርጽ ማለት ይህ ሕግ ነው። ስለዚህም በቦድለርና በራምቦ ግጥም ውስጥ ከብረኽት አስተማሪ ተውኔቶች የበለጠ አመፅ አለ ይላል። ብረኽትን የሚወድ ሰው ይህን ሲያነብ ይቆጣል፤ እኔም ተቆጥቻለሁ፤ ግን መልስ ለማግኘት ጊዜ ወሰደብኝ።

ያገኘሁት መልስ ከፊል ነው። ማርኩዘ የሚጠራቸው ስሞች በአብዛኛው የጀርመንና የፈረንሳይ ታላላቅ ደራስያን ናቸው። በቃል የሚዜም ግጥም፣ ደራሲው ያልታወቀ እንጉርጉሮ፣ በአዝመራ ወቅት ሥራው ላይ የሚዘፈን ዜማ በሐሳቡ ውስጥ ቦታ የላቸውም። በአርቲስቱ ብቸኝነት የጀመረ ሰው እንደመሆኑ ባለቅኔውና ማኅበሩ ያልተለያዩበትን ጥበብ ያለፈ ዘመን ነገር አድርጎ ትቶታል። የአማርኛን ሥነ ቃል የሚያጠና ሰው እዚህ ላይ ሊሞግተው ይገባል፤ በእንጉርጉሮ ውስጥ ያለው እምቢታ ከማንም የተጻፈ ግጥም አያንስምና። ሁለተኛው ነቀፌታዬ፣ ውበት ጭካኔንም ሊያስጌጥ እንደሚችል ቢያውቅም ጥቂት ብቻ መናገሩ ነው።

ማርኩዘ በጀርመን ጉብኝት ላይ ሳለ ሐምሌ 29 ቀን 1979 ሽታርንበርግ ውስጥ ሞተ፤ ሰማንያ አንድ ዓመቱ ነበር። አስክሬኑ ተቃጥሎ አመዱ አሜሪካ ውስጥ ለዓመታት ተረስቶ ቆይቶ በ2003 በርሊን ተወስዶ ተቀበረ፤ ሄገል በተቀበረበት መካነ መቃብር፣ ብረኽትም እዚያው ነው። ከሞተ በኋላ ቤንያሚንና አዶርኖ እየገነኑ የእሱ መጻሕፍት ከንባብ ዝርዝር ወጡ። ከ1998 እስከ 2014 በስድስት ቅጾች የታተሙት ያልታወቁ ጽሑፎቹ (የአራጎኑም ጽሑፍ ከእነሱ አንዱ ነው) ስሙን ጥቂት መልሰውታል።

ለክፍሌ ብዬ የመጨረሻውን መጽሐፉን መተርጎም ከጀመርሁ ሁለት ዓመት ሆነኝ። ዛሬ ተማሪዎቼ ደራሲው የየትኛው መደብ ነው ብለው አይጠይቁም፤ ያ ቃል ጠፍቷል። በቦታው የገባው ጥያቄ ደራሲው የማን ወገን ነው፣ ከየት ነው የሚል ነው፤ የፍቅሩ ምዕራፍም በዚህኛውም ጥያቄ ትርፍ ሆኖ ቀርቷል። ትርጉሙን ሳነብላቸው ዘወትር የምንቆመው «ቅርጽ» ላይ ነው። ከማስታወሻው የወረስነው «ቅርጽ» ማሰሮ ነው፣ ይዘት የሚቀመጥበት። ማርኩዘ የሚለው ግን ማሰሮውንም ውኃውንም የሚያደርግ ነገር ነው። ያቺ የፈተና ወረቀት ባለቤት፣ አሁን የማስተርስ ተማሪ ሆና፣ «አሠራር» በለው አለችኝ፤ ሌላው «ሥርዓት» አለ፤ ሥርዓት ግን ፖለቲካውን አመጣብን። እስካሁን «ቅርጽ» ብዬ ጽፌ ከጎኑ በእርሳስ የጥያቄ ምልክት አድርጌበታለሁ።